የስኮትላንድ ያርድ መርማሪዎች ታሪክ (ረዘም ይላል፣ ቡና ይዛችሁ ግቡ)

የካዛንቺሱ (ክሩን የከፈተ)

ባለፈው እዚህ ስለ ፖሊስ ምርመራ ስንከራከር አንዱ «ስኮትላንድ ያርድ ቢሆን በአንድ ቀን ነበር የሚይዘው» ብሎ ጻፈ። እኛ ጋ ስኮትላንድ ያርድ (የለንደን ፖሊስ ዋና መሥሪያ ቤት) ሲባል የማይሳሳት ፖሊስ ነው የሚታሰበን። የቤቱን ታሪክ ላነበበ ሰው ግን ነገሩ ትንሽ ያስቃል። የለንደን መርማሪዎች ስም ያወጡት በያዟቸው ወንጀለኞች ነው፤ አሠራራቸው የተለወጠው ግን በቅሌት ነው። አንድ ጉድ ይፈነዳል፣ ጋዜጣው ይጮኻል፣ ፓርላማው ይንጫጫል፣ ከዚያ አዲስ ክፍል ይቋቋማል። ይኸው ሁለት መቶ ዓመት ሊሞላው ነው። እኔ እጀምራለሁ፤ የቀረውን እናንተ ሙሉት። ዓመቶቹ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

ድሮ ለንደን የተደራጀ የከተማ ፖሊስ አልነበራትም። ሌሊት የሚዞሩ የሰፈር ዘበኞች ነበሩ። የተሰረቀ ሰው ደግሞ ለ«ሌባ አዳኝ» ከፍሎ ዕቃውን ያስፈልጋል። ከአዳኞቹ ሁሉ ስሙ የገነነው ጆናታን ዋይልድ ነው። ሰውየው ሌቦቹን የሚያሰማራው ራሱ ነበር። ባለንብረቱ ሲመጣ «በስንት ድካም አገኘሁልህ» ብሎ የገዛ ሰዎቹ የሰረቁትን ይመልስለትና ጉርሻውን ይቀበላል። አልታዘዝም ያለውን ሌባ ለመስቀያ አሳልፎ ይሰጣል። በዚህም ይመሰገን ነበር! በ1725 ጉዱ ወጣና እሱም ታይበርን ላይ ተሰቀለ።

በ1749 የቦው ስትሪቱ ዳኛ ሄንሪ ፊልዲንግ ጥቂት ሰዎችን ከችሎቱ ሥር አደራጅቶ ወንጀለኛ እንዲከታተሉ አደረገ። እሱ ሲሞት ወንበሩን የያዘው ወንድሙ ጆን ነው። ጆን ዓይነ ስውር ነበር። 3,000 ወንጀለኛ በድምፁ ብቻ ይለያል ይባልለት ነበር።

ከዚያ 1829 መጣ። የአገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስትሩ ሮበርት ፒል ሕጉን አጸደቀ፤ ሴፕቴምበር 29 ማታ የመጀመሪያዎቹ ፖሊሶች መንገድ ላይ ወጡ። አለቆቹ ሁለት ነበሩ። ቻርልስ ሮዋን ወታደር፣ ሪቻርድ ሜይን ጠበቃ። ቢሯቸው ኋይትሆል ፕሌስ ቁጥር 4 ሲሆን በጓሮ በኩል ያለው በር ግሬት ስኮትላንድ ያርድ ወደሚባለው ቦታ ነበር የሚያወጣው። ስሙም በዚያው ቀረ።

አሁን ልብ በሉ፤ መርማሪ የለም። ለ13 ዓመት ያህል መርማሪ የሚባል ክፍል የለም! ትልቁ ምክንያት የለንደን ሰው ጆሮ ጠቢ መፍራቱ ነው። የፈረንሳይ ፖሊስ በየቡና ቤቱ ሰላይ እንደሚያስቀምጥ ሰምቷል፤ በእኛ አገርማ አይሞከርም ይላል። ስለዚህ ፖሊሱ ከሩቅ እንዲለይ ተደረገ። ቀይ የወታደር ስለሆነ ሰማያዊ አለበሱት። ከሥራ ውጭም ዩኒፎርሙን አያወልቅም፤ ተረኛ መሆኑ የሚታወቀው እጅጌው ላይ በሚያስራት ጨርቅ ነው። በ1833 ዊሊያም ፖፔይ የሚባል ሳጅን የተቸገረ ሰዓሊ መስሎ አንድ የፖለቲካ ማኅበር ውስጥ ገባ። ሲነቃበት ፓርላማው አጣሪ ኮሚቴ አቋቋመ፤ ሰውየውም ተባረረ። ነጭ ለባሽ የሚባል ነገር ለንደን ላይ እንዲህ ነበር የሚታየው።

ሸገር_ማታ

ቀጥል ቀጥል። ዋይልድ ግን ሊቅ ነው ሃሃሃ። እዚህ ቢኖር ሚኒስትር ይሆን ነበር።

ጋሽ_ታዬ

ልጄ የካዛንቺሱ፣ ጥሩ አድርገህ ይዘኸዋል። የእኛ አባቶች ሌባ ሻይ ነበራቸው። አንድ ልጅ መድኃኒት ይጠጣና እየተንገዳገደ ይመራቸዋል፤ ገብቶ የወደቀበት ቤት ባለቤት ሌባ ነው ይባላል። ያ ሁሉ ሰው ንጹሕ ሆኖ ዕዳ ከፍሏል። የእንግሊዙን ሌባ አዳኝ ሳነብ እሱ ነው ትዝ ያለኝ። አንድ ጥያቄ አለኝ፤ ያን ያህል የፈራ ሕዝብ መርማሪን በኋላ እንዴት እሺ ብሎ ተቀበለ?

የካዛንቺሱ

ጋሼ፣ እሺ ያሰኘው አንድ ሱሪ ነው።

አፕሪል 1842 ዳንኤል ጉድ የሚባል የጋሪ ነጂ አንድ ሱቅ ገብቶ ሱሪ ሰረቀ። አንድ ተራ ፖሊስ ሱሪውን ፍለጋ ሮሃምፕተን ወዳለው የፈረስ ጋጣ ሄደ። ጭዱን ሲገለባብጥ አንድ ነገር አየ። መጀመሪያ የታረደ እንስሳ መስሎት ነበር፤ የሴት ገላ ነው። ይህን ሲያይ ዳንኤል ጉድ ከውጭ በሩን ዘግቶ፣ ፖሊሱን እዚያው ቆልፎበት ጠፋ። ሟቿ ጄን ጆንስ ትባላለች።

ከዚያ የሆነው አሳፋሪ ነው። እያንዳንዱ የፖሊስ ክፍለ ከተማ ለብቻው ይፈልጋል፤ አንዱ ያወቀውን ሌላው አያውቅም። ፖሊስ አንድ ቤት ሲደርስ ሰውየው ቀድሞ ወጥቷል። ጋዜጦች በየቀኑ ያላግጣሉ። በመጨረሻ ተንብሪጅ ውስጥ የባቡር ሐዲድ ሥራ ላይ ተቀጥሮ ሲሠራ የለየው አንድ የቀድሞ ፖሊስ ነው፤ እሱም በአጋጣሚ። በዚያው ሰሞን ደግሞ ንግሥት ቪክቶሪያ ላይ ሽጉጥ የመዘዘ ሰው ነበር። ሁለቱ ነገሮች ሲደራረቡ ኦገስት 1842 የመርማሪዎች ክፍል ተፈቀደ። ሁለት ኢንስፔክተር፣ ስድስት ሳጅን። ወደ ሁለት ሚሊዮን ለሚጠጋ ከተማ ስምንት ሰው!

ስምንቱ ግን ጎበዞች ነበሩ። ደራሲው ቻርልስ ዲክንስ በ1850 ወደ መጽሔቱ ቢሮ ጋብዞ ሲያጫውታቸው አምሽቶ፣ በአድናቆት ጻፈላቸው። ሕዝቡም ቀስ በቀስ ወደዳቸው። ፍቅሩ የቆየው ግን አሥር ዓመት ብቻ ነው።

እትዬ_ብርቄ

አሥር ዓመት ያልከው የሮዱን ግድያ አስበህ ከሆነ እሱን ለእኔ ተወው፤ ብዙ ያነበብኩት ነው።

ጁን 1860፣ ዊልትሺር ውስጥ ሮድ የምትባል መንደር። የአንድ የመንግሥት ተቆጣጣሪ ቤተሰብ ትልቅ ቪላ ውስጥ ይኖራል። አራት ዓመት ያልሞላው ልጃቸው ሳቪል ኬንት ሌሊት ከአልጋው ይጠፋል። ጠዋት ጓሮ ያለው ሽንት ቤት ውስጥ አንገቱ ተቆርጦ ተገኘ። ቤቱ ከውስጥ ተቆልፎ ነው ያደረው። ስለዚህ ገዳዩ ከቤተሰቡ ወይም ከሠራተኞቹ አንዱ ነው። የአካባቢው ፖሊስ ሞግዚቷን ያዘ፣ ለቀቀ፤ ነገሩን አበላሸው። ሁለት ሳምንት ካለፈ በኋላ ነው ከለንደን ጆናታን ዊቸር የተላከው። ከመጀመሪያዎቹ ስምንት አንዱ ነው። የአትክልተኛ ልጅ ነበር።

ዊቸር የልብስ አጣቢዋን መዝገብ ተመለከተ። የልጁ የአባት ልጅ የሆነችው የ16 ዓመቷ ኮንስታንስ ሦስት የሌሊት ልብስ ነበራት፤ አሁን ሁለት ነው ያለው። ሦስተኛው የት ገባ? በዚህ ተነስቶ አሰራት። ልብሱ ግን አልተገኘም። የአካባቢው ዳኞች ለቀቋት።

ከዚያ በሰውየው ላይ የወረደውን ውርጅብኝ ብታዩ! ጋዜጣው፣ ፓርላማው፣ ሰፈሩ ሁሉ። ጥፋቱ ምን ነበር? የድሃ ልጅ ሆኖ የጨዋ ቤት ገብቶ፣ የልጃገረድ የሌሊት ልብስ ቆጥሮ፣ የጌታን ልጅ ነፍሰ ገዳይ ማለቱ ነው። እኔ እንደሚመስለኝ ስለ ማስረጃ የጮኸው ሰው ጥቂት ነው፤ የበዛው ስለ ጓዳው መደፈር ነው የጮኸው። ዊቸር ታመመ፤ በ1864 በጡረታ ወጣ።

በዓመቱ ኮንስታንስ ራሷ ለንደን መጥታ ቦው ስትሪት ፍርድ ቤት ቆመች። እኔ ነኝ አለች። ሞት ተፈርዶባት ወደ እስራት ተለወጠላትና 20 ዓመት ታስራ በ1885 ወጣች። አውስትራሊያ ሄዳ በሌላ ስም ነርስ ሆና ኖረች። የሞተችው በ1944፣ መቶ ዓመት ሞልቷት ነው። ዊቸር ትክክል ነበር። መርማሪ ትክክል ሆኖም ተዋርዶ ሊቀር ይችላል፤ ይቺ ደግሞ ከአንተ «ቅሌት» ትለያለች።

ሸገር_ማታ

እትዬ ዛሬ እንቅልፍ አይወስደኝም። ሽንት ቤት??

ጠበቃው

ደስ የሚል ክር ነው። ግን የካዛንቺሱ፣ ሐሳብህ ላይ ጥያቄ አለኝ። «ቅሌት ይመጣል፣ ይታደሳል» ብለህ ስትጽፍ እድሳቱ ሁልጊዜ መድኃኒት የሆነ ያስመስላል። የሮድ ጉዳይ ምን አደሰ? ምንም። እንዲያውም መርማሪዎቹን አስፈራቸው። ደግሞ ያለ ቅሌት፣ በዝምታ የመጣ ትልቅ ለውጥ አለ። አሻራን ውሰድ።

የካዛንቺሱ

እድሳቱ መድኃኒት ነው አላልኩም። ቀጥዬ የማወራው ጉድ ይህንኑ ያሳያል።

1877። ሃሪ ቤንሰን እና ዊሊያም ከር የሚባሉ ሁለት አጭበርባሪዎች የፈረስ ውርርድ ላይ የውሸት ድርጅት አቋቋሙ። የሌለ ጋዜጣ አትመው ለሀብታም ፈረንሳዮች ይልካሉ። ጋዜጣው ላይ አንድ እንግሊዛዊ ሁልጊዜ ስለሚያሸንፍ አወራራጆች አናስይዝም አሉት ይላል፤ እባካችሁ በእናንተ ስም አስይዙልኝ፣ ትርፍ አካፍላችኋለሁ። አንዲት የጎንኩር ባላባት ወደ 10,000 ፓውንድ ተበላች። ተጨማሪ 30,000 ሲጠይቋት ነው የነቃችው።

ጉዳዩ ለስኮትላንድ ያርድ ተሰጠ። መርማሪዎቹ ቤታቸው ሲደርሱ ሰዎቹ የሉም። ሌላ ቦታ ሲደርሱ እዚያም የሉም። አንድ ሰው አስቀድሞ እየነገራቸው ነው። ማን ይሁን? ኢንስፔክተር ሚክልጆን ለዓመታት ከከር ደመወዝ በሚመስል መልኩ ይቀበል ነበር። ሌላው መርማሪ ድሩስኮቪች ዕዳ ውስጥ ስለገባ ከአጭበርባሪዎቹ ተበደረ፤ ከዚያ እጁን ያዙት። ፓልመርም አለበት። አጭበርባሪዎቹ በመጨረሻ ታስረው ሲፈረድባቸው ሁሉንም ዘረገፉ። ችሎቱ የለንደኑ ትልቅ የወንጀል ፍርድ ቤት፣ ኦልድ ቤይሊ ነበር። ሦስቱ መርማሪዎች ሁለት ሁለት ዓመት ከከባድ ሥራ ጋር ተፈረደባቸው፤ አራተኛው ቺፍ ኢንስፔክተር ክላርክ ነፃ ወጣ። ከአለቆቹ መካከል ንጹሕ ማን እንደሆነ የሚያውቅ ጠፋ።

ከዚያ ሃዋርድ ቪንሰንት የሚባል ወጣት ጠበቃ ፓሪስ ሄዶ የፈረንሳይን አሠራር አጥንቶ ዘገባ አቀረበ። በ1878 የወንጀል ምርመራ መምሪያው ተቋቋመ፤ እሱም አለቃ ሆነ። ጋሽ ታዬ ይህን ይስሙ፤ ለንደን በ1829 የሸሸችውን የፈረንሳይ ሞዴል በ1878 ራሷ ሄዳ ተማረችው።

ከካምደን

ሰላም ለሁላችሁ። እኔ የምኖረው ለንደን ስለሆነ በስኮትላንድ ያርድ ሰፈር ደጋግሜ አልፋለሁ።

አንድ ያልተነሳ ክፍል አለ፤ ስፔሻል ብራንች። በ1883 የአየርላንድ ነፃነት ታጋዮች ለንደንን በቦምብ ሲያናውጡ ለእነሱ ብቻ የሚሆን ክፍል ተቋቋመ። ቢሯቸው ስኮትላንድ ያርድ ውስጥ ሲሆን ከሥሩ የሕዝብ ሽንት ቤት አለ። ሜይ 1884 ታጋዮቹ ቦምቡን የት ቢያስቀምጡት ጥሩ ነው? እዚያው ሽንት ቤት። የመርማሪዎቹ ቢሮ ግድግዳ ተደረመሰ፤ ማታ ስለነበር ቢሮው ውስጥ የነበረ ሰው የለም።

ከጊዜ በኋላ ይኸው ክፍል የሴቶችን የመምረጥ መብት የሚጠይቁትን መከታተል ጀመረ። በ1913 እስር ቤት ግቢ ውስጥ ሲንሸራሸሩ በስውር ፎቶ አስነስቷቸዋል፤ ፎቶው ለየሙዚየሙ ተበተነ፣ ሥዕል እንዳያበላሹ። ከተከታተሏቸው አንዷ ሲልቪያ ፓንክኸርስት ናት። ንግግር ስታደርግ ሲቪል የለበሰ መርማሪ ደብተር ይዞ ጥግ ላይ ቆሞ ይጽፋል። በ1920 ጋዜጣዋ ላይ ባወጣችው ጽሑፍ ታስራ ስድስት ወር ተፈርዶባታል። ይህች ሴት በ1936 ለኢትዮጵያ ጋዜጣ የመሠረተችው፣ በ1960 አዲስ አበባ ሞታ ሥላሴ ካቴድራል የተቀበረችው ሲልቪያ ናት። ቀጥሎ ሥላሴ ስትሄዱ ይህንንም አስታውሱ።

ጋሽ_ታዬ

እግዜር ይስጥልኝ። እኔ በቀብሯ ቀን ልጅ ነበርኩ፤ ጃንሆይ ራሳቸው ተገኝተዋል ሲባል ሰምቻለሁ። ፖሊስ ሲያሳድዳት የኖረች መሆኗን አላውቅም ነበር።

ሚኪ_ቦሌ

ጃክ ዘ ሪፐርን ዘላችሁ? ክሩ በሙሉ እሱ ይሆናል ብዬ ነበር የገባሁት።

የካዛንቺሱ

ስለሱ የሚወራው ስለበዛ ነው የዘለልኩት። በአጭሩ፦ 1888 ክረምቱ መውጫ እስከ ኖቬምበር፣ ኋይትቻፕል፣ አምስት ሴቶች፣ ገዳዩ አልተያዘም። ኮሚሽነሩ ቻርልስ ዋረን ሴፕቴምበር 30 ሌሊት ግድግዳ ላይ በጠመኔ የተጻፈ ነገር፣ ፎቶ ሳይነሳ፣ ፀረ አይሁድ ረብሻ ያስነሳል ብሎ አስጠፋው። እስከ ዛሬ የሚከራከሩት በእሱ ነው። ኖቬምበር ላይ ሥራውን ለቀቀ።

እኔን የሚገርመኝ ሌላ ነው። በዚያው ወቅት፣ ኦክቶበር 2 1888፣ ቴምዝ ዳር አዲሱ የፖሊስ ዋና መሥሪያ ቤት እየተሠራ ነበር። ሠራተኞች ምድር ቤቱ ውስጥ ጥቅል አገኙ። ሲፈቱት የሴት ገላ ነው፤ ጭንቅላት የለውም። ማን እንደሆነች፣ ማን እንዳመጣት እስከ ዛሬ አልታወቀም። መርማሪዎቹ በ1890 ገብተው ሥራ የጀመሩት ያ ሕንፃ ውስጥ ነው። ያልተፈታ ግድያ መሠረቱ ላይ ያለበት የፖሊስ ጣቢያ!

ላብራቶሪ_ልጅ

አሻራ ተነሳ መሰለኝ፤ ይቺ የሙያዬ ናት።

ከአሻራ በፊት ሰው የሚለየው በመለኪያ ነበር። የጭንቅላት ስፋት፣ የክንድ ርዝመት፣ የእግር ጣት። ከፈረንሳይ የመጣ ዘዴ ነው። ችግሩ ለኪው ትንሽ ካዘነበለ ሰውየው ሌላ ሰው ይሆናል። በፊት መለየትም አያስተማምንም። አዶልፍ ቤክ የሚባል ኖርዌጂያዊ በ1896 ሴቶችን አታሎ ጌጥ ወሰደ ተብሎ ታሰረ። ብዙ ሴቶች «እሱ ነው» ብለው መስክረውበታል። ወጣ። በ1904 እንደገና በዚያው ዓይነት ክስ ተፈረደበት። እስር ላይ እያለ እውነተኛው ሌባ ሲሰርቅ ተያዘ። እንግሊዝ የወንጀል ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት በ1907 ያቋቋመችበት አንዱ ምክንያት ይህ ነው። ስለዚህ ጠበቃው ወንድሜ፣ ከጉድ ጋር የሚገናኝ ለውጥ እዚህም አለ።

አሻራው ከየት መጣ? ከህንድ። ኤድዋርድ ሄንሪ ቤንጋል የፖሊስ አለቃ ነበር። አሻራ ከሰው ሰው እንደሚለይ በፊትም ይታወቃል። ጭንቁ ሌላ ነው፤ በመቶ ሺህ የሚቆጠር ካርድ ካለህ አንዱን እንዴት ትፈልጋለህ? አሥሩን ጣቶች በቅርጻቸው ቁጥር ሰጥተው ካርዶቹን 1,024 ቦታ የሚከፍል ቀመር ሠሩ። ሒሳቡን የሠራው አዚዙል ሐቅ የሚባል ህንዳዊ ፖሊስ ነው። ሄም ቻንድራ ቦዝም አብሮት ነበር። ዘዴው እስከ ዛሬ የሚጠራው ግን በሄንሪ ስም ነው። ፈረንጁ ፈረመበት፣ አለቀ።

ሄንሪ ለንደን መጥቶ ጁላይ 1901 የአሻራ ክፍሉን ከፈተ። በ1902 ሃሪ ጃክሰን የሚባል ሌባ ዴንማርክ ሂል ከአንድ ቤት የቢሊያርድ ኳስ ሰረቀ። መስኮቱ አዲስ ተቀብቶ ስለነበር አውራ ጣቱ ቀለሙ ላይ ቀረ። ሰባት ዓመት ተፈረደበት። ለቢሊያርድ ኳስ!

ፈተናው የመጣው በ1905 ነው። ዴትፎርድ ውስጥ የቀለም ሱቅ የሚጠብቁ አዛውንት ባልና ሚስት፣ ቶማስ እና አን ፋሮው፣ ተደብድበው ተገደሉ። የገንዘብ ሳጥኑ ውስጥ በላብ የታተመ የአውራ ጣት አሻራ ተገኘ። ከአልፍሬድ ስትራተን ጣት ጋር ገጠመ። እሱና ወንድሙ አልበርት ተከሰሱ። አሁን አስቡት፤ ዳኛውም ጁሪውም ስለ አሻራ እምብዛም አያውቁም፣ ሁለት ሰው ደግሞ ሊሰቀል ነው። መርማሪው ቻርልስ ኮሊንስ ሰሌዳ ላይ መስመሮቹን እየሣለ አስተማራቸው። መከላከያው ባለሙያ አቀረበ። ዐቃቤ ሕጉ ግን ያ ባለሙያ ለሁለቱም ወገን ልመስክር ብሎ የጻፈውን ደብዳቤ አወጣበት። ነገሩ እዚያ ላይ አበቃ። ሜይ 23 1905 ወንድማማቾቹ ተሰቀሉ።

ጠበቃው

ጥሩ። እንግዲህ ስለ ድላቸውም ይነገር። በ1910 ዶክተር ክሪፐን ሚስቱን ገድሎ ምድር ቤት ቀብሮ፣ ወዳጁን የወንድ ልጅ ልብስ አልብሶ በመርከብ ወደ ካናዳ ሸሸ። ካፒቴኑ ጠረጠረና በሽቦ አልባ ቴሌግራፍ ለለንደን ነገረ። ቺፍ ኢንስፔክተር ዋልተር ዲው ፈጣን መርከብ ይዞ ቀደመው፤ ካናዳ ሲደርስ ጠበቀው። ጋዜጦች በየቀኑ የሁለቱን መርከቦች ርቀት ያትሙ ነበር። ይህን የማያውቀው ክሪፐን ብቻ ነበር።

በ1919 ደግሞ ፍላይንግ ስኳድ መጣ። ከጦርነቱ በኋላ ዘረፋ ሲበዛ በፍሬድሪክ ዌንስሊ ሐሳብ 12 መርማሪ ተመረጠ። የየሰፈሩ ወሰን ሳያግዳቸው ከተማውን በሙሉ እንዲዞሩ ተፈቀደላቸው። መጀመሪያ የሚዞሩት ሸራው ላይ የመመልከቻ ቀዳዳ በተበሳለት የፈረስ ጋሪ ነበር!

ግን ፍትሐዊ ለመሆን ሌላውንም ልጨምር። በ1950 ቲሞቲ ኢቫንስ ልጁን ገድሏል ተብሎ ተሰቀለ። ሪሊንግተን ፕሌስ ቁጥር 10 የሚባል ቤት ነው የሚኖሩት። ታችኛው ፎቅ ላይ ያለው ጎረቤቱ ጆን ክሪስቲ ዋና ምስክር ሆኖ ቀርቦበታል። በ1953 የክሪስቲ ቤት ውስጥ የስንት ሴት ሬሳ ተገኘ። መርማሪዎቹ ያኔ የፈተሹት ጓሮ ላይ የሰው ጭን አጥንት አጥር ደግፎ ቆሞ ነበር፤ አላዩትም። ኢቫንስ በ1966 ምሕረት ተደረገለት፤ ከሞተ ከ16 ዓመት በኋላ።

የካዛንቺሱ

ፍላይንግ ስኳድን ካነሳህ መጨረሻውንም ጨርሰው። በ1969 አንድ የለንደን ጋዜጣ መርማሪዎች ከወንጀለኛ ገንዘብ ሲጠይቁ ድምፃቸውን ቀድቶ አወጣ። ምርመራው ከተሰጣቸው ሰዎች አንዱ ቢል ሙዲ ነበር። ሙዲ የወሲብ ኅትመት ተቆጣጣሪ ክፍሉ ኃላፊ ነው። እሱ ራሱ ከሶሆ ሱቆች በየወሩ ጉቦ ይሰበስባል! ጅብን ለሥጋ ዘበኛ ማለት ይኸው ነው።

በ1972 ሮበርት ማርክ ኮሚሽነር ሆነ። ከውጭ የመጣ ሰው ስለነበር ለማንም አላዘነም። መርማሪዎቹን ዩኒፎርም ለባሽ አለቆች ሥር አስገባቸው፤ ፖሊስን የሚመረምር አዲስ ክፍል አቋቋመ። በእሱ ዘመን ወደ 500 የሚጠጋ ፖሊስ ተባሮም በፈቃዱም ወጣ። በ1977 ሙዲ 12 ዓመት ተፈረደበት። የፍላይንግ ስኳድ አለቃው ኬኔት ድሩሪ ስምንት ዓመት። ድሩሪ ከአንድ የሶሆ የወሲብ ነጋዴ ጋር ቆጵሮስ ሲዝናና ነው የተነቃበት። ሲጠየቅ ምን ቢል ጥሩ ነው? ያመለጠውን የባቡር ዘራፊ ፍለጋ ሄጄ ነው።

ከ1877 መቶ ዓመት መሆኑን አያችሁ? በዚያው ኦልድ ቤይሊ፣ በዚያው ክስ።

ከካምደን

እዚህ ለምንኖር ጥቁሮች ዋናው ዓመት 1993 ነው። ስቲቨን ላውረንስ፣ 18 ዓመቱ፣ ኤልተም ውስጥ አውቶቡስ ሲጠብቅ ነጮች በስለት ወግተው ገደሉት። የተጠርጣሪዎቹ ስም በማግሥቱ ለፖሊስ ደርሷል። የተያዙት ግን ሁለት ሳምንት ከቆየ በኋላ ነው፤ ክሱም ፈረሰ። ወላጆቹ ዝም አላሉም። በ1999 የዳኛ ማክፈርሰን ሪፖርት የለንደን ፖሊስ ዘረኝነት ተቋሙ ውስጥ የገባ ነው ብሎ ጻፈ። አንዴ ነፃ የወጣ ሰው ለዚያው ወንጀል ዳግም አይከሰስም የሚለው ሕግም ተሻሻለ። በ2012 ከልብስ በተገኘ ጥቃቅን ማስረጃ ከተጠርጣሪዎቹ ሁለቱ ተፈረደባቸው። 19 ዓመት ሊሞላ ሲል። በ2023 ደግሞ የሉዊዝ ኬሲ ሪፖርት ያንኑ ቃል ደገመው፤ በሴቶች ላይ ያለውን ንቀትም ጨመረበት።

ሌላው 2005 ነው። ጁላይ 21 ባቡር ላይ ሊፈነዱ የነበሩ ቦምቦች ከሸፉ። ከተፈላጊዎቹ አንዱ ኢትዮጵያ ውስጥ የተወለደ ነበር፤ በኋላ ሮም ላይ ተያዘ። በማግሥቱ መርማሪዎች እሱ ይኖርበታል የተባለውን ሕንፃ ሲጠብቁ አንድ ሰው ሲወጣ ተከተሉት። ስቶክዌል ጣቢያ ባቡር ውስጥ ተኩሰው ገደሉት። ዣን ሻርል ደ ሜኔዜስ ይባላል፤ 27 ዓመቱ፣ ብራዚላዊ የኤሌክትሪክ ሠራተኛ። ምንም ያደረገው የለም፤ እዚያ ሕንፃ ላይ ይኖራል፣ በቃ። ፖሊስ በ2007 በደኅንነት ሕግ ጥፋተኛ ተብሎ 175,000 ፓውንድ ተቀጣ። በግሉ የተከሰሰ ፖሊስ የለም። የካዛንቺሱ፣ ይህ ቅሌት ምን አደሰ ትላለህ?

የካዛንቺሱ

እሱን እናቱ ትመልሰው።

የአቡዳቢዋ

ከዝምታ ወጥቼ አንዲት ነገር ላክል። መርማሪዎቹ በ1967 የገቡበት፣ ያ «ኒው ስኮትላንድ ያርድ» የሚል የሚዞር ሰሌዳ ያለበት ሕንፃ፣ በ2014 ተሽጧል። የገዛው የአቡዳቢ ፋይናንስ ኩባንያ ነው፤ 370 ሚሊዮን ፓውንድ። ፖሊሶቹ በ2016 ተመልሰው ቴምዝ ዳር ገቡ። ሰሌዳውን ይዘውት ሄደዋል።

ሸገር_ማታ

እነዚያ አሻራዎችና ሰነዶች ሁሉ የሚታዩበት ሙዚየም አለ? ለንደን ብሄድ መግባት ይቻላል?

ከካምደን

ሙዚየሙ አለ፤ በ1870ዎቹ ነው የተጀመረው፣ ድሮ ጥቁሩ ሙዚየም ይባል ነበር። ግን ለፖሊስ ማሠልጠኛ ነው፤ ለሕዝብ ክፍት አይደለም። በ2015 ብቻ የተወሰነው ዕቃ ለንደን ሙዚየም ውስጥ ለሕዝብ ታይቶ ነበር። እንግዲህ ፖሊስ ዘመድ ፈልግ።

ሸገር_ማታ

ዘመድ የለኝም። ቢሊያርድ ኳስ ልስረቅ መሰለኝ።